አባቴ እጁን ይዞ ያስገባው ሰው

የሺሺንዳው ሱቃችን በረንዳ ሰፊ ስለነበር በገበያ ቀን ግማሹ ገበያተኛ የሚያርፈው እኛ ጋ ነበር። አባቴ በወጣትነቱ ከቡታጅራ በኩል ተነስቶ፣ ጅማን ሞክሮ፣ ቦንጋን ሞክሮ፣ በመጨረሻ እዚህ የቀረ ነጋዴ ነው። ጨው፣ ሳሙና፣ አቡጀዴ፣ ባትሪ ድንጋይና ኮንጎ ጫማ ይሸጣል፤ ማር፣ ኮረሪማና ቡና ይገዛል። የአካባቢውን ቋንቋ ካፊኖኖን የሚናገረው እዚያው እንደተወለደ ሰው ነበር። አማርኛው ግን የአገሩን ቃና አልለቀቀም፤ እኛ ልጆቹ እያስመሰልነው ስንስቅ እሱም አብሮን ይስቃል። እኔ ባንኮኒ ሥር ነው ያደግሁት። ትምህርቴን ስጨርስ ሌላ ሥራ ስላላገኘሁ ተመልሼ ከባንኮኒው ጀርባ ቆምኩ። ቁጡ ሴት ነኝ፤ ይህን ገበያው ሁሉ ያውቃል። አባቴ በልስላሴ የሚይዘውን ደንበኛ እኔ አስኮርፌ እሰድ ነበር። ይህንንም የምጽፈው ተቆጥቼ ነው። ዓመታት አልፈዋል፣ ቁጣዬ ግን አልበረደም።

ከደንበኞቹ ሁሉ አባቴ የሚወደው ከጫካው ማር የሚያመጣ አንድ ሰው ነበር። ገበያው «ባለማሩ» ይለዋል፤ እኔም እንደዚያው ልጥራው። ረጅም፣ ዝምተኛ፣ ሲስቅ አፉን በእጁ የሚሸፍን ሰው ነው። ቀፎዎቹን ትልልቅ ዛፍ ላይ ይሰቅላል፣ የጫካ ቡና ይለቅማል። ሚስቱ በወሊድ ስትሞትበት የተረፈችውን ጨቅላ በጋቢ ጠቅልሎ እኛ ቤት ይዟት መጣ። ለምን ወደ እኛ እንደመጣ ሲጠየቅ «እዚህ ቤት ወተት እንዳለ አውቅ ነበር» ነበር መልሱ። እውነቱን ነው፤ እናቴ ያኔ ታናሽ ወንድሜን ታጠባ ነበር። ሁለቱን አንድ ላይ አጠባቻቸው። በእኛ በሙስሊሞች ዘንድ ከአንድ ጡት የጠቡ ልጆች ወንድምና እህት ናቸው፤ መጋባት እንኳ አይችሉም። ልጅቱ ድክ ድክ እስክትል ቤታችን ቆየች፤ ከዚያ አባቷ ወሰዳት። በየገበያው ቀን ግን ከእሱ ጋር ትመጣለች፣ አባቴን «አባባ» ትለዋለች፣ ከከረሜላው ጣሳ ማንንም ሳትጠይቅ ታነሳለች። እኛ ብናነሳ እንቆነጠጥ ነበር። በዚህ ስቀናባት አደግሁ።

ሌላው ሰው ደባላችን ነው። ከሩቅ ቀበሌ ለትምህርት መጥቶ ማደሪያ ያጣ ተማሪ ነበር። አባቴ ከሱቁ ጀርባ ጆንያ የምንከምርበትን ክፍል ግማሹን አስለቅቆ አስገባው። ከእኛ ጋር በአንድ ትሪ በላ። ክርስቲያን ነው፤ በረመዳን ግን ቀኑን ሙሉ ሲበላ ውሎ ለማፍጠሩ ከሁላችን ቀድሞ ይቀመጥ ነበር፤ እናቴ በዚህ ትስቅበት ነበር። ጎበዝ ተማሪ ነበር። መንግሥት ተቀይሮ ክልልና ዞን የሚሉት ቃላት አዲስ በነበሩበት ጊዜ የተማረ የአካባቢው ተወላጅ ይፈለግ ነበርና ቶሎ አደገ። ከቀበሌ ወደ ወረዳ፣ ከግብርና ወደ ጸጥታ ተዛወረ። የወረዳው የጸጥታ ኃላፊ ሆኖ ወደ ወረዳው ከተማ ወደ ዋጫ ከገባ በኋላ እንኳ በሺሺንዳ ሲያልፍ መኪናውን ያቆማል፣ የእናቴን ጉልበት ይስማል፣ ቤት ያፈራውን ቀምሶ ይሄዳል። እኛም «ኃላፊ» ብለነው አናውቅም። ደባላችን ነበር።

ጠቡ የመጣው ከወሰን ማዶ ካለው ዞን ጋር ነው። እዚያ ያሉት ቆለኞች በበጋ ከብቶቻቸውን ወደ ጫካው ጠርዝ ያወጣሉ። ድሮም ያወጡ ነበር፤ ቅቤ ይዘው ይመጣሉ፣ ከእኛ ሰዎች ጋር ይስማማሉ፣ ዝናብ ሲጥል ይመለሳሉ። ካርታ ተዘርግቶ ያ ጠርዝ «ወሰን» የሚል ስም ካገኘ በኋላ ግን ሣሩ የማን ነው የሚል ጥያቄ መጣ። ጥያቄውን ያመጡት እረኞቹም ንብ አናቢዎቹም አይደሉም፤ ስብሰባ ላይ የሚናገሩ ሰዎች ናቸው። አንድ በጋ ቀፎዎች ተቃጠሉ። ከብት ተነዳ። ከዚያ የባለማሩ ወንድም ወንዝ ዳር ተገድሎ ተገኘ። ትንሽ ቆይቶ ደግሞ ከማዶዎቹ አንዱ ጫካው መንገድ ላይ ሞቶ ተገኘ፣ የሁሉም ጣት ወደ ባለማሩ ተቀሰረ። እሱም ጠመንጃውን ይዞ ጫካ ገባ። ገድሎ ይሁን አይሁን እስከ ዛሬ አላውቅም። አባቴም አልጠየቀውም። እንዲህ ያለው ነገር የሚጠየቀው በእርቅ ላይ፣ በሽማግሌ ፊት ነው ብሎ ያምን ነበር።

ያን ጊዜ ገበያው ሞተ። አውቶቡስ ያለ አጃቢ አይንቀሳቀስም፣ ማር የሚያመጣ የለም፣ ጨው የሚገዛ የለም። ሁለቱ ዞኖች ተነጋግረው የጋራ የሰላም ኮሚቴ አቋቋሙ። ከዚህም ከዚያም ሽማግሌዎች ተመረጡ፤ አባቴን ሁለቱም ወገን መረጠው፤ ምክንያቱም በሁለቱም ገበያ ይታወቃል፣ በሁለቱም ዘንድ ዘመድ የለውም። ኮሚቴው ሥራ ከመጀመሩ በፊት ሥልጠና ያስፈልገዋል ተባለና በዞናችን ከተማ በቦንጋ አዳራሽ ውስጥ አስቀመጡን። እኔን ያስገቡኝ ለአስተርጓሚነት ነው። አሠልጣኙ ከሐዋሳ የመጣ ትሁት ሰው ነበር፤ አማርኛው ግን የቢሮ አማርኛ ስለሆነ አማርኛ ለሚችሉትም አስተርጓሚ ያስፈልግ ነበር። «ግጭትን ማስወገድ አይቻልም፤ ማኔጅ ማድረግ ነው የሚቻለው» አለ። እኔ ወደ ካፊኖኖ ስመልሰው «ጠብ አይቀርም፣ ግን ልጓም ያዙለት» አልኩ። አንድ ሽማግሌ ወደ እኔ ጠጋ ብለው «ይህን ሊነግረን ነው ከዚያ ድረስ የመጣው?» አሉኝ። ይህንን አልተረጎምኩም።

በሁለተኛው ቀን አሠልጣኙ በባህላችሁ ጫካ የገባ ሰው እንዴት ይመለሳል ብሎ ጠየቀ። ሽማግሌዎቹ ነገሩት። ደም ያለበት ሰው ብቻውን አይገባም። የሚያምነው ሰው ካለበት ድረስ ሄዶ እጁን ይይዘዋል፤ ሳይለቀው፣ በሰው ሁሉ ፊት፣ እስከ እርቁ ቦታ ያመጣዋል። እጅ የተያዘን ሰው ማንም አይነካም። የነካው ቢኖር አምጪውን እንደነካ ነው የሚቆጠረው። እርቁ ሲያልቅም ያው ሰው እጁን ይዞ ቤቱ ያደርሰዋል። አሠልጣኙ በጣም ደስ ብሎት ሰሌዳው ላይ ጻፈ። ደባላችን ከፊት ተቀምጦ አገጩን በእጁ ደግፎ ይሰማ ነበር። ያደገበት ልማድ ነው፤ የሚያውቀውን ነገር ለምን እንዲያ አፍጥጦ እንደሚሰማ ያኔ አልገባኝም። ምሳ ሰዓት ሽማግሌዎቹ ወደ ምግብ ቤት ሲላኩ የሁለቱ ዞን የጸጥታ ሰዎች አዳራሹ ውስጥ ቀሩ። እኔም የአስተርጓሚ ሥራዬን ጨርሼ ሥጋዬን ልበላ ሄድኩ።

በሳምንቱ ደባላችን ሱቅ መጣ። እንደ ልማዱ እናቴን ስሞ፣ ጆንያ ላይ ተቀመጠ።

«አባባ፣ ባለማሩን የሚያስገባው ሰው ጠፋ» አለ። «ከእርስዎ በቀር ማንንም አያምንም።»

«ከገባ በኋላስ?» አለ አባቴ።

«እርቁ በሕዝብ ፊት ነው። ከዚህም ከዚያም ሰው ሞቷል፤ ደሙ በከብት ይካካሳል። ከዚያ ወደ ልጁ ይመለሳል።»

እናቴ የያዘችውን የሻይ ማንቆርቆሪያ አስቀመጠች። «ልጄ፣ ይህ ሰው የማን አባት እንደሆነ ታውቃለህ» አለችው።

«እማማ፣ እኔ ወጪት ሰባሪ ነኝ?» አላት። ፊቱ ላይ ቅሬታ ነበር። እናቴ አፈረች፤ አንተን ተጠራጥሬ አይደለም እያለች ሌላ ሻይ ቀዳችለት። ያን ሻይ ባሰብኩት ቁጥር ደሜ ይፈላል።

አባቴ ጫካ የሄደው የጡት እህቴን አስከትሎ ነው፤ አባቷ የት እንዳለ የምታውቀው እሷ ብቻ ነበረች። ያኔ ኮረዳ ሆናለች። በማግስቱ ለእርቁ ከተዘጋጀው ሜዳ ጫፍ ላይ ቆመን ስንጠብቅ ከዛፎቹ ውስጥ ብቅ አሉ። አባቴ የኢድ ኮቱን ለብሷል። ባለማሩ ጠመንጃውን አፈሙዙን ወደ ታች አንጠልጥሎ፣ በሌላው እጁ የአባቴን እጅ ይዞ ይራመዳል። ረጅም ስለሆነ ወደ አባቴ ጎንበስ ብሎ ነበር የሚሄደው። ከማዶ የመጡትም ተነሥተው ቆሙ። ከዞን የመጣ ሰው ካሜራ ይዞ ወደ ኋላ እያፈገፈገ ፎቶ ያነሳቸዋል። ባለማሩ ጠመንጃውን መሬት ላይ አስቀመጠ። በሬ ታረደ፣ ሽማግሌዎች መረቁ፣ የሟች ዘመዶች ከሟች ዘመዶች ጋር በአንድ ዕቃ ጠጡ። ድንኳኑ ውስጥ የታሸገ ውኃ የተደረደረላቸው እንግዶች በየተራ ተናገሩ። እኔ ድምፄ እስኪዘጋ ተረጎምኩ። ከተናገርኩት ግማሹን አላመንኩበትም፣ የሜዳውን ነገር ግን አምኜ ነበር። በሕይወቴ እንደዚያ ቀን በአባቴ ኮርቼ አላውቅም።

ሲያልቅ አባቴ ባለማሩን ቤቱ ሊያደርስ ተነሣ። ደባላችን ጠጋ አለ። «አባባ፣ ትላንትም በእግር ሄደዋል፣ እግርዎ አብጧል። መኪና አለ፤ እኛ እናደርሰዋለን። ልጅቱ ከእናንተ ጋር ትደር።» አባቴ እሺ አለ። እግሩ በእርግጥ አብጦ ነበር። መኪናውን የሰጠው ደግሞ ልጁ ያህል ነበር፤ ምን ብሎ እምቢ ይበል? ባለማሩ ከፒክአፑ ኋላ በሚሊሻዎች መካከል ተቀመጠ። አፉን በእጁ ሸፍኖ ሲስቅ አየሁት፤ መኪና ላይ ሲወጣ የመጀመሪያው ሳይሆን አይቀርም።

መንገዱ ዳር ቆመን እናያለን። ወደ ጫካው የሚያስገባው መታጠፊያ ጋ ሲደርስ መኪናው አልታጠፈም። ወደ ወሰኑ ቀጥ ብሎ ሄደ።

«ነዳጅ ሊቀዱ ይሆናል» አለ አባቴ።

«በዚያ በኩል ማደያ የለም አባባ» አልኩት።

የጡት እህቴ መሮጥ ጀመረች። መኪና በእግር አይደረስበትም፤ እሷ ግን አቧራው እስኪጠፋ ሮጠች።

በማግስቱ ጠዋት አባቴና እኔ ዋጫ ቢሮው ገባን። ተነሥቶ ተቀበለን፣ ሻይ አዘዘልን። ሳይደብቅ ነው የነገረን፤ ይህ ነው ይበልጥ ያቃጠለኝ። ሁለቱ ዞኖች ተፈላጊዎችን ሊለዋወጡ ተስማምተዋል። የባለማሩን ወንድም የገደለውን ከማዶ ሰጥተውናል፤ እኛም ባለማሩን ሰጥተናል። ይህ የጸጥታ ትብብር ነው። ሕግ ነው።

«ሕግ ከሆነ» አለ አባቴ፣ «ፖሊስ ልካችሁ ለምን አልያዛችሁትም?»

«ጫካ ውስጥ ስንት ሰው ያልቅ ነበር አባባ? በእርስዎ እጅ ሲወጣ አንድ ጥይት አልተተኮሰም።»

«ለዚህ ነበር የፈለግኸኝ።»

«ለሰላም ነው የፈለግሁዎት።»

እኔ ጮህኩ። ምን እንዳልኩት ሁሉን አልጽፈውም፤ ከጆንያው ክፍል ጀምሬ እስከ ማፍጠሪያው ሾርባ ድረስ ቆጠርኩለት። «እህቴ፣ ድምፅሽን ቀንሺ፣ ቢሮ ነው» አለኝ። አባቴ ሻዩን ሳይነካ ተነሣ። በሩ ላይ ዞር ብሎ «እኔንም አስረክበኝ፤ ያስገባሁት እኔ ነኝ» አለው። ደባላችን ሳቀ፤ የሳቀው አባቴ የቀለደ መስሎት ይሁን፣ ሌላ የሚያደርገው ጠፍቶት ይሁን አላውቅም። አባቴ ግን አልቀለደም። በዚያው ሳምንት ወሰን ተሻግሮ እስር ቤቱ በር ላይ ቆሞ ይኼንኑ ጠየቀ። ዘበኞቹ ሽማግሌው ጤና የላቸውም ብለው አውቶቡስ ላይ አሳፈሩት።

ይህ ሁሉ ከአንድ ሰው የመጣ ክህደት ነው፤ አንድ ሰው ሊከዳ ይችላል ብዬ እተወው ነበር። የሚቀጥለውን ግን አልቻልኩም። የባለማሩ መንደር ሰዎች ተቆጥተው ወረዳው ላይ ሲነሡ ከቢሮው አንድ ወሬ ወጣ። ባለማሩን አሳልፎ የሰጠው ነጋዴው ነው፤ መጤ ነው፤ ማዶ ገበያ ሱቅ ሊከፍት ፈቃድ ፈልጎ ነው። ደባላችን ራሱ ተናገረው ብዬ መማል አልችልም። እንዳላስቆመው ግን እምላለሁ። ወሬው ለእሱ ተመቸው፤ የመንደሩ ቁጣ ዋጫን ትቶ ወደ በረንዳችን መጣ። አባቴ እዚያ አገር ሠላሳ ዓመት ሊሞላው ምንም አልቀረውም፤ እኛ ሁላችንም የተወለድነው እዚያ ነው። መጤ የሚለውን ቃል በእኛ ላይ ሲነገር የሰማሁት ያኔ ነው። ሰው ጨው ለመግዛት አልፎን ወደ ታች ይሄድ ጀመር። በገበያ ቀን በረንዳው ባዶ ይውላል። አባቴ ግን በየገበያው ቀን ይጠርገዋል።

አንድ የገበያ ቀን የጡት እህቴ መጣች። በረንዳው ላይ አልወጣችም፤ ከታች መንገዱ ላይ ቆመች፤ ሰውም ዙሪያውን ቆመ።

«እርስዎ ያውቁ ነበር?» አለችው። እስከዚያ ቀን አንቱ ብላው አታውቅም።

«በአላህ ስም አላውቅም ነበር» አለ አባቴ።

ብዙ አየችው። ከዚያ ሄደች። አመነችው አላመነችው ከፊቷ መለየት አልቻልኩም። ከዚያ በኋላ ወደ ሱቃችን አልመጣችም፤ ስታገባም አልተጠራንም። እናቴ ለሠርጓ ብላ ያስቀመጠችውን ቀሚስ ሣጥኑ ውስጥ አየሁት፤ አውጥቼ ለሌላ ሰው ልሰጥ ስል እጄን መታችኝ።

አባቴ በየወሩ ስንቅ ይዞ ወሰን ይሻገር ነበር። ዘበኛው ገብቶ ይወጣና «አልቀበልም ብሏል» ይለዋል። አባቴ ስንቁን ለሌሎች እስረኞች አድሎ ይመለሳል። እኔ ተው አልኩት፤ ሰውየው አልፈልግህም ካለ ምን ያመላልስሃል አልኩት። አልሰማኝም። ብዙ ወራት ካለፉ በኋላ አንድ ቀን ባለማሩ ራሱ እስከ ሽቦው ወጣ። ከሥቶ ነበር አለን አባቴ።

«አንተ እንደሸጥከኝ ነገሩኝ» አለው።

«አንተስ ምን አልክ?»

«መጀመሪያ አመንኩ። በኋላ፣ ሰው የሸጠ ሰው እንደዚህ መንገድ አይመላለስም አልኩ።»

ስንቁንም ተቀበለው። አባቴ ያን ቀን ቤት ሲገባ እንደ ወጣት ነበር። እኔ ግን ይህን የሚያውቁት ሁለት ሰዎች ብቻ ናቸው፣ አንዱም ታሳሪ ነው ብዬ ደስታውን አበላሸሁበት።

መናገር ያለብኝ ሌላም ነገር አለ፤ ካልተናገርኩ ውሸታም እሆናለሁ። ወሰኑ ጸጥ አለ። ለብዙ ዓመት ማንም አልሞተም። አውቶቡሱ ያለ አጃቢ ሄደ፣ ቆለኞቹ ቅቤ ይዘው መጡ፣ የሺሺንዳ ገበያ ሰፋ። ደባላችን ወደ ዞን አድጎ ቦንጋ ገባ። አንድ ጊዜ «የልምድ ልውውጥ» በሚሉት ስብሰባ ላይ ለአስተርጓሚነት ተጠርቼ አዳራሹ ስገባ መድረኩ ላይ እሱ ነበር። ርዕሱ ሕዝብን ያሳተፈ የግጭት አፈታት፣ ምርጥ ተሞክሮ ነው። ግድግዳው ላይ ፎቶ በራ፤ የኢድ ኮቱን የለበሰው አባቴ፣ እጁን የያዘው ባለማሩ። አጨበጨቡ። ጥያቄ ያለው ሲባል ተነሣሁ።

«ፎቶው ላይ ያሉት ሰዎች አሁን የት ናቸው?»

መድረክ መሪው ሰዓቱን አየና ጊዜ ስለተጣበበ ወደ ሻይ እንሂድ አለ። ሰዉ ወደ ሻይ ሄደ። ደባላችን እኔ ጋ መጣ፤ አልሸሸኝም።

«ከዚያ ቀን ወዲህ ስንት ሰው ከሞት እንደተረፈ ታውቂያለሽ?» አለኝ።

አውቃለሁ። በደንብ አውቃለሁ። ለዚያ ነው ስለ እሱ ሳስብ እንቅልፍ የማጣው፤ ሥራው ከንቱ ቢሆን ኖሮ ይቀለኝ ነበር። «አባቴ ግን ሞቷል፣ እየተራመደ ነው እንጂ» አልኩትና ሻዩን ሳልጠጣ ወጣሁ።

ባለማሩ ታሞ ተለቀቀ፤ ቤቱ ገብቶ ብዙ ሳይቆይ ሞተ። ለቅሶው ላይ አባቴ ከአጥሩ ውጭ ቆሞ ዋለ። ግባ ያለው የለም። ከዞን በመኪና ለመጣው ግን ወንበር ወጣለት፤ ደባላችን ተቀመጠ፣ ስለ ሟቹ የሰላም ሰውነት ተናገረ። መንደርተኛው ሰማው። ሁሉም የሚያውቀውን ያውቅ ይሆናል፤ ግን እሱ የእነሱ ልጅ ነው፣ መኪናም አለው። አባቴ በእግሩ ነው የመጣው። የዚያን ቀን የከዱኝ ብዙ ናቸው። ስማቸውን አውቃለሁ፤ ዛሬም ሱቅ ሲመጡ አላነጋግራቸውም።

ከዚያ ብዙ ክረምት አልፎ፣ ሺሺንዳም ሞባይል መያዝ ሲጀምር፣ ወሰኑ እንደገና ተነሣ። ምክንያቱ አሁንም ሣር ነበር። የጋራ ኮሚቴው ተጠራ፤ የሚሰማው ጠፋ። ጫካ የገቡት ሰዎች ለሽማግሌ አንወጣም አሉ፤ እጅ ይዞ የሚያስገባ የተባለው ሁሉ ባለማሩ የት ገባ የሚል መልስ እየሰማ ተመለሰ። ሰው መሞት ጀመረ።

በዚያ መሃል የገበያ ቀን ባልሆነ ቀን የጡት እህቴ መጣች። ልጅ አዝላለች። በረንዳው ላይ ወጣች፣ ደረጃው ላይ ትንሽ ቆመች፣ ገባች። አባቴ አርጅቷል፣ ዓይኑም ደክሟል፤ በድምፅዋ ነው የለያት። ሲነሣ በርጩማው ተገለበጠ። እኔን ሻይ አምጪ፣ ወተት አምጪ፣ ለልጁ ከረሜላ አምጪ እያለ እንደ ሕፃን ተወናበደ።

«አባቴ ሊሞት ሲል ነግሮኛል» አለችው። «እርስዎ አላወቁም። ቶሎ መምጣት ነበረብኝ። መንደሩን ፈራሁ።»

አባቴ አለቀሰ። ስንት ዓመት የጠበቀው ቃል ነው። እኔም አለቀስኩ፤ ተቆጥቼም ነበር፤ አሁን ነው የምትነግሪን ልላት አፌ ደርሶ ነበር። ልጁን አየሁና ዋጥኩት።

ከዚያ የመጣችበትን ተናገረች። ባሏ ጫካ ነው። ወረዳው እጁን ይስጥ ይላል፤ እሱ በማንም አልገባም ብሏል። ነጋዴው እጄን ከያዘኝ ግን እገባለሁ፣ ከዚህ አገር ሰው ሁሉ የማምነው እሱን ነው፣ አለ። አዲሱ ኃላፊ ወጣት ነው፣ ደግ ሰው ነው ይሉታል፣ ማንም አይነካውም ብሎ ምሏል።

ዝናብ ሊጥል አካባቢው ጨልሞ ነበር፤ ተነሥቼ መብራት ላበራ ስል በእጁ ከለከለኝ።

«ኃላፊው ደግ ነው ትያለሽ» አላት።

«ደግ ነው ይላሉ።»

«በላዩ ማን አለ?»

አላወቀችም። እኔም አላወቅሁም።

«አይግባ» አላት። «እኔ እንደላክሁሽ ንገሪው። ነጋዴው እጅህን አልይዝም፣ አትግባ ብሎሃል በይው። ወደ ጫካው ጥልቅ ይሂድ።»

እህቴ እሺ የሚላት መስሏት ነበር የመጣችው። ልጁን ከጀርባዋ አውርዳ ጭኗ ላይ አስቀመጠችው፣ ደግማ ለመነችው። እኔም በልቤ ከእሷ ጋር ለመንኩት፤ እሱን ማየት የምፈልገው እንደገና በዚያ ሜዳ ላይ፣ በሰው ሁሉ ፊት፣ ቀና ብሎ ሲራመድ ነበር። ሰው እንደገና እንዳመነው እነዚያ ከአጥር ውጭ ያቆሙት ሁሉ እንዲያዩ ፈለግሁ። አባቴ አልተንቀሳቀሰም።

«ልጄ፣ አሁን ያመናችሁኝ ስለማልዋሻችሁ ነው» አላት። «ይዤው ብገባ ማንም አይነካውም ማለቴ ነው፤ እዋሻችኋለሁ።»

«ታዲያ ማን ጋ ልሂድ?» አለችው።

እኔ ለሁሉ ነገር መልስ የማላጣው፣ በቢሮና በአዳራሽ የምጮኸው፣ ለእህቴ የምላት አንድ ቃል አጣሁ። ልጁን መልሳ አዘለችው፤ አባቴን ጉልበቱን ስማ ዝናቡ ሳይመጣ ወጣች። ባሏ በዚያ ክረምት አልገባም።